ከመሬት በታች የጣልነው ዕጣ

እኔን የሚያውቅ ሁሉ "ስንዱ ጠበኛ ናት" ይላል። ውሸት አይደለም። ሲልቨር ስፕሪንግ በምንኖርበት ሰፈር ባለው ሱፐርማርኬት ሰልፍ የሚዘል ሰው ካየሁ፣ ቋንቋውን ባላውቀውም እጅጌውን ይዤ ወደ ቦታው እመልሰዋለሁ። አውቶቡስ ውስጥ ለአቅመ ደካማ በተተወ ወንበር ላይ ጎረምሳ ተቀምጦ ካገኘሁ፣ ከፊቱ ቆሜ እስኪነሳ ድረስ ዓይን ዓይኑን አየዋለሁ። ብዙ አልተማርኩም። ፊደል የቆጠርኩት ልጆች ከወለድኩ በኋላ በማታ ትምህርት ነው። ግን ፍርድ ትምህርት ቤት የሚሰጡት ነገር አይደለም ብዬ አምናለሁ።

ሰዎችም ይህን ጠባዬን ስለሚያውቁ፣ ፋሲካ በደረሰ ቁጥር ሀያትስቪል በአንድ ወዳጃችን ጋራዥ ውስጥ ቅርጫ ስንገባ ዕጣ የማስጥለው እኔ ነኝ። ቅርጫ አይተው ለማያውቁ ወጣቶች ላስረዳ። በሬው በጋራ ይገዛና ሥጋው እኩል እኩል መደብ ይወጣለታል። እያንዳንዱ ሰው ከኪሱ ያገኘውን ነገር ለምልክት ይሰጣል፤ አንዱ ሳንቲም፣ አንዱ አዝራር፣ አንዱ የክብሪት እንጨት። ማን ምን እንደሰጠ ያላየ ሰው ይጠራና ምልክቶቹን በየመደቡ ላይ ያስቀምጣል። ምልክትህ ያረፈበት መደብ ድርሻህ ነው። ሻኛ ቢደርስህ ዕድልህ፣ አጥንት ቢበዛብህም ዕድልህ። ማጉረምረም የለም።

ይህን አስቀድሜ የነገርኳችሁ ያለ ምክንያት አይደለም። ያንን ዕጣ አንድ ቀን ከመሬት ሆድ ውስጥ፣ በሥጋ ላይ ሳይሆን በሰው ላይ አስጥዬዋለሁ። ከዚያ ቀን ወዲህ ስለ ፍርድ የማስበው እንደ ድሮው አይደለም።

ነገሩ የተጀመረው ማኅበራችን የቅዳሜ ጉዞ ሲያዘጋጅ ነው። በአውቶቡስ ወደ ምዕራብ ተራራውን ተሻግሮ ብዙ ከተሄደ በኋላ፣ ድሮ ጨው ይቆፈርበት የነበረ፣ አሁን ሥራው ቆሞ ለጎብኚ የተከፈተ ጉድጓድ አለ ተባለ። ሌሎቹ ሴቶች "ጉድጓድ ለማየት ነው ይህን ሁሉ መንገድ?" ብለው አፌዙ። እኔ ከሁሉ ቀድሜ ተመዘገብኩ። ወሎ ባደግኩበት መንደር ጨው የሚመጣው እንደ ጡብ ተጠርቦ፣ በግመል ተጭኖ ከቆላ ነበር። "ከየት ነው የሚያወጡት?" ብዬ እናቴን ስጠይቃት "ከምድር ዳር" ትለኝ ነበር። ዕድሜ ልኬን ስበላው የኖርኩትን ነገር አንድ ቀን እንኳ ከተወለደበት ቦታ አላየሁትም።

ችግሩ አስተርጓሚ ነው። ልጄ አረጋውያን መጦሪያ ውስጥ ስለምትሠራ ቅዳሜ አይመቻትም። የቀረችው የልጅ ልጄ መክሊት ናት። ያን ጊዜ የሃይስኩል የመጨረሻ ዓመት ላይ ነበረች። እዚሁ የተወለደች ስለሆነች አማርኛዋ ከእንግሊዝኛ ጋር የተቀየጠ ነው፤ "አንቱ" ማለት አልለመደችም፣ "አንቺ" ትለኛለች፣ እኔም ትቼዋለሁ። መክሊት ግን አንድ ነገር አለባት። ትንሽ ልጅ ሳለች የሕንጻችን ኤሌቬተር እሷን ብቻዋን እንደያዘ መሀል ላይ ቆመ። እስኪከፍቱላት ድረስ ጮኻ ጮኻ ድምጿ ተዘጋ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ኤሌቬተር አትገባም። የምንኖረው ከፍ ያለ ፎቅ ላይ ነው፤ እኔ በኤሌቬተር እወጣለሁ፣ እሷ ቦርሳዋን ተሸክማ በደረጃ ትወጣለች፣ በራችን ላይ እንገናኛለን። ዓመታት እንዲህ ሆነን ኖረናል።

"እሄዳለሁ" አለችኝ። "ግን አልወርድም። ላይ ሆኜ እጠብቅሻለሁ።"

"ታዲያ ታች ማን ያስተረጉምልኛል?"

"ኧረ እማማ! ጨው እኮ ነው። ጨው ምን ትርጉም ይፈልጋል?"

አውቶቡሱ የሚነሳው ከአሌክሳንድሪያ ነበርና ልጄ በማለዳ አደረሰችን። መንገድ ስንጀምር አንድ ጥቁር መኪና ከኋላችን ተከተለን። አቶ ሙሉጌታ ነው። የማኅበራችን አባል ሲሆን ሥራው ቤት ማሻሻጥ ነው፤ አመሻሽ ላይ ፎልስ ቸርች ውስጥ ለደንበኛ ቤት የማሳይበት ቀጠሮ አለኝ፣ አውቶቡስ ልጠብቅ አልችልም ብሎ በራሱ መኪና መጣ። ጋሽ ደስታ፣ ከረሜላ ከኪሱ የማይጠፋው ሽማግሌያችን፣ በመስኮት እያየው "ጨዉን ቀድሞ ሊሸጠው ነው" አለና አውቶቡሱን አሳቀው።

ደረስን። ብዙ ስለሆንን ለሁለት ተከፈልን፤ መክሊትና እኔ፣ ጋሽ ደስታና አቶ ሙሉጌታም ከመጀመሪያዎቹ ጋር ሆንን። አስጎብኚያችን ካረል የምትባል፣ ጠጉሯን አጭር የተቆረጠች ሴት ናት። አባቷም አያቷም እዚያው ጉድጓድ ውስጥ ሠርተዋል። ለሁላችን ባለመብራት የራስ ቆብ አደለችን። የምንወርድበት ኤሌቬተር የብረት ሣጥን ነው፤ መስኮት የለው፣ ውስጡ ድቅድቅ ያለ። መክሊት አየችው፣ ከዚያ እኔን አየችኝ።

"ያለ እንግሊዝኛ ልትወርጂ ነው?"

"አዎ።"

"ብትወድቂስ? ብትጠፊስ?"

"ከጠፋሁ ጨው ሆኜ እገኛለሁ።"

አልሳቀችም። ቆቧን ወሰደችና አጠለቀች። "እወርዳለሁ" አለች፤ ከንፈሯ ነጭ ሆኗል። "ግን ቃል ግቢልኝ። ዛሬ ከማንም ጋር አትጣዪም። ሱፐርማርኬት ላይ እንደምታደርጊው፣ ሰው ሁሉ እስኪያየን... ፕሊስ። ፕሮሚስ?"

እንደምታፍርብኝ አውቅ ነበር። እንዲህ ፊት ለፊት ብላኝ ግን አታውቅም። "ፕሮሚስ" አልኳት።

በሩ ተዘጋ። ሣጥኑ ወደ ታች ተምዘገዘገ። መክሊት ክንዴን ይዛኝ ነበር፤ ጥፍሯ ሥጋዬ ውስጥ ገባ። እኔ በልቤ "እመቤቴ፣ ይህችን ልጅ አሳርፊልኝ" እያልኩ ወረድኩ።

በሩ ሲከፈት የጠበቅሁት ጠባብ ዋሻ ነበር። ያየሁት ግን መንገድ ነው፤ ሁለት የጭነት መኪና ጎን ለጎን የሚያስኬድ ሰፊ መንገድ፣ ጣሪያው እንደ ቤተ ክርስቲያን ከፍ ያለ፣ ግድግዳው፣ ወለሉ፣ ጣሪያው፣ ሁሉም ጨው። ነጭ ብቻ አይደለም። ግራጫ አለው፣ ሮዝ አለው፣ እንደ ጥለት በአግድም የተሰመረ ጥቁር መስመር አለው። መንገዱ ይሄዳል፣ ይሄዳል፣ መብራታችን እስከሚደርስበት ሄዶ ከዚያም ወዲያ ይቀጥላል። ዝንብ የለም። ሽታ የለም። እርጥበት የለም። አየሩ ደርቆ ምላስ ላይ ያርፋል። አንዳንዶቻችን ሳይታወቀን ማማተብ ጀመርን።

ካረል ተናገረች፤ መክሊት እየተንቀጠቀጠች ተረጎመችልኝ። "ይሄ ሁሉ ድሮ ባሕር ነበር ትላለች። ውኃው ደረቀና ጨዉ ቀረ። መስመሮቹ ደግሞ፣ ባሕሩ እየመጣ እየሄደ ሲመላለስ የተዉት ነው።"

እጄን ግድግዳው ላይ አደረግሁ። ባሕር ነው የነካሁት። እኔ የወሎ ደገኛ፣ ባሕር አጠገብ ኖሬ የማላውቅ ሴት፣ ሰው ከመፈጠሩ በፊት የሞተ ባሕር መዳፌ ሥር ነበር። እናቴ "ከምድር ዳር" ስትለኝ አልዋሸችም ማለት ነው። ዳሩ ወደ ጎን ብቻ መስሎኝ ነበር እንጂ ወደ ታችም ዳር አለው።

ካረል ብትፈልጉ ቅመሱት አለች። ጋሽ ደስታ ምላሱን አውጥቶ ግድግዳውን እንደ በሬ ላሰና "አሞሌ ነው!" ብሎ ጮኸ። ስለ ጨው የሚተረተውን ያን የታወቀ ተረት ያን ቀን ያልተናገረ ሰው አልነበረም፤ እያንዳንዱ መጀመሪያ ትዝ ያለው እሱ እየመሰለው።

ትንሽ እንደሄድን ካረል አንድ ጥግ አበራችልን። የሠራተኛ ጫማ ነው፤ ክሩ እንደታሰረ፣ አፉ እንደተከፈተ። አጠገቡ የታጠፈ የምግብ መጠቅለያ ወረቀት አለ። ሰዎቹ ከሞቱ ብዙ ዘመን አልፏል፤ ጫማው ግን ትናንት የወለቀ ይመስላል። እዚያ ታች ምንም አይበሰብስም። ኤሌቬተሩ ጠባብ ስለነበረ ሰውና ጨው ብቻ ነው ይወጣ የነበረው፤ ሌላው የወረደ ነገር ሁሉ እዚያው ይቀራል አለች። ጫማውን እያየሁ ብዙ ቆምኩ። የዚያ ሰው ሚስት ባዶ እግሩን ሲገባ ምን ብላው ይሆን?

ልንመለስ ስንል የካረል ሬዲዮ ጮኸ። አዳመጠች። ፊቷ ላይ የነበረው ፈገግታ ሳይጠፋ ደረቀ። መክሊት ቀድማ ገባት፤ ክንዴን ዳግመኛ ያዘችኝ።

"እማማ፣ ትልቁ ኤሌቬተር ተበላሽቷል።"

ካረል እጇን አንስታ ሁላችንንም ዝም አሰኘች። አደጋ የለም፣ አየሩ በቂ ነው፣ ጣሪያው ጠንካራ ነው አለች። የድንገተኛ ጊዜ ትንሽ ሣጥን አለ፤ ሁለት ሁለት ሰው ብቻ ይይዛል፣ ሲወጣም ሲመለስም በጣም ይዘገያል። መጀመሪያ የታመመ ይቅደም። ወይዘሮ ዘውዴ ስኳር አለባት፤ እሷና ባሏ ሄዱ። በዚህ ማንም ቅር አላለውም።

"ቀጥሎ በዕድሜ የገፉት" አለች ካረል። መክሊት ተረጎመች። ያኔ ጉድ ታየ። ጠጉሩን ጥቁር እየተቀባ የሚኖረው አቶ ሙሉጌታ ወደ ፊት ወጥቶ "እኔ እኮ ሽማግሌ ነኝ" አለ።

"ባለፈው ልደትህ ገና ሃምሳ አልሞላሁም ብለኸን አልነበር?" አለው ጋሽ ደስታ።

"እሱ በመታወቂያው ነው።"

"የኔም መታወቂያ በጣም ወጣት ያደርገኛል። ታዲያ በየትኛው ዕድሜ ነው የምንሰለፈው? በወረቀቱ ወይስ በእናታችን?"

ካረል በመታወቂያ እንለየው ብላ ሰበሰበች። ግማሾቻችን የተወለድነው ጃንዋሪ አንድ ቀን ነው። መታወቂያዎቹን እያገላበጠች "ሁላችሁም በአንድ ቀን ተወለዳችሁ?" አለች። የተወለደበትን ቀን በትክክል ለማያውቅ ሰው፣ ወረቀት የሚሞላለት ሁሉ የፈረንጅን አዲስ ዓመት እንደሚጽፍለት ምን ብለን እናስረዳት? መክሊት እንኳ ያን ጊዜ ሳቀች።

ሳቁ የቆየው ሣጥኑ ተመልሶ እስኪመጣ ነው። የብረቱ በር ሲንቋቋ ሰው ሁሉ ባንድ ጊዜ ተንቀሳቀሰ። አቶ ሙሉጌታ በሩን ያዘ። "ቀጠሮ አለብኝ! ሰው ይጠብቀኛል!" አንዷ ሴት ተገፍታ ቆቧ ወደቀ፤ መብራቱ መሬት ላይ ተንከባሎ ግድግዳውን ዞረው። ካረል "ፕሊስ፣ ፕሊስ" ትላለች፣ የሚሰማት የለም። ደሜ ፈላ። አንድ እርምጃ ስራመድ መክሊት አየችኝ። ፕሮሚስ የሚል ዓይን ነው።

"ልጣላ አይደለም" አልኳት። "ልዳኝ ነው።"

ከዚያ ቅርጫ በማከፋፍልበት ድምፄ ጮኽሁ። "ቁሙ! እኛ በሬ ስንካፈል ዕጣ እንጥላለን። ለበሬ ያከበርነውን ለራሳችን ልንነፍግ ነው?"

ድምፄ ጨው ለጨው እየተላተመ ሄዶ ሄዶ ተመለሰ። ሁሉም ወደ እኔ ዞረ። መክሊት ለካረል አስረዳቻት። ካረል ሰምታ ሰምታ "ይህን በጣም ወድጄዋለሁ" አለችና ጀርባዋን ሰጥታን ቆመች፣ ማን ምን እንደሚሰጥ እንዳታይ።

ቆቤን አውልቄ ዞርኩ። ጋሽ ደስታ ከረሜላ ጣለ። እኔ የጠጉሬን ሽቦ። መክሊት ከጆሮዋ አንዷን ነጭ ማዳመጫ አውልቃ ሰጠች። አቶ ሙሉጌታ እየተነጫነጨ ኪሱ ገብቶ እጁ የነካውን፣ የመኪናውን ቁልፍ፣ ወረወረ።

"ሕጉን ስሙ" አልኩ። "በዕጣ ቀድሞ የወጣ ጥንድ ቀድሞ ይሳፈራል። ማንም የደረሰውን ትቶ የተሻለ ልውሰድ አይልም። ምልክቱን ሲወጣ ይወስዳል። ተስማማችሁ?"

ተስማሙ። አቶ ሙሉጌታም በመጨረሻ "ይሁን" አለ።

ካረል እያወጣች፣ ግድግዳው ላይ በተጠረበ የጨው መደብ ላይ ጥንድ ጥንድ አድርጋ ደረደረች። መጀመሪያ የኔ የጠጉር ሽቦና የጋሽ ደስታ ከረሜላ። ከዚያ ሌሎች። ከዚያ ሌሎች። መጨረሻ ላይ ሁለት ነገር ቀረ፤ የመክሊት ማዳመጫና የአቶ ሙሉጌታ የመኪና ቁልፍ።

እስከዚያች ደቂቃ ድረስ ዕጣ ሲወጣ ደስ ይለኝ ነበር። አጥንት የደረሰውን ሰው "ዕድልህ ነው፣ ተሸከም" ስለው አንድም ቀን ሆዴን በልቶኝ አያውቅም። አሁን ግን በላኝ። ሕጉን ያወጣሁት እኔ፣ ሰውን ያስማማሁት እኔ፣ ከሁሉም በኋላ ከዚያ ጉድጓድ የምትወጣው ደግሞ ኤሌቬተር አይታ የምትንቀጠቀጠው ልጄ። ዝም ብዬ ምልክቶቹን በክንዴ ጠርጌ "እንደገና" ማለት አማረኝ። እውነቱን ነው የምነግራችሁ፣ አፌ ላይ ደርሶ ነበር።

"የኔን ላንቺ ሰጥቼሻለሁ" አልኳት። "አንቺ ውጪ፣ እኔ እቆያለሁ።"

"ይኸውላችሁ!" አለ አቶ ሙሉጌታ። "ሕጉ ለኛ ነው እንጂ ለልጅ ልጅ አይሠራም!"

ልመልስለት ዞር ስል መክሊት ቀደመችኝ። ፊቷ አመድ መስሏል፤ ድምጿ ግን ቀጥ ያለ ነበር።

"አልወጣም" አለች። "የደረሰኝ ላይ እቆማለሁ። እንደዛ ነው አይደል የተባለው?"

"ልጄ፣ እኔ እኮ መስጠት እችላለሁ። ከድርሻዬ ነው የሰጠሁሽ።"

"አውቃለሁ። እኔ ግን አልፈልግም። አይ ሚን... ላይ ሆኜ አንቺን ታች ብጠብቅሽ ይብስብኛል። እዛ ቆሜ ያቺን ሣጥን ማየት አልችልም።"

ይህች ናት የምታፍርብኝ ያልኳት። ከሰዉ ፊት ላለማልቀስ ብዬ ወደ አቶ ሙሉጌታ ዞርኩ።

"ና" አልኩት። "የኔን ቦታ ውሰድ። የአንተን ስጠኝ።"

አፉን ከፈተ። "ለኔ? ለምን?"

"ላንተ ብዬ አይደለም። ከልጄ ጋር ልቆይ ብዬ ነው። ሂድ፣ ቤትህን ሽጥ።"

"አይለወጥም አላሉም?"

"የተሻለ ለመውሰድ አይለወጥም። የባሰውን ለመውሰድ የከለከለ የለም።"

ጋሽ ደስታ ከረሜላውን ከመደቡ አነሳና "ዕጣዬን ልብላው" ብሎ አፉ ውስጥ አደረገው። አቶ ሙሉጌታ ሐሳቤን ሳልቀይር ብሎ እየሮጠ ገባ። በሩ ተዘጋ፤ ሣጥኑ እየተንቋቋ ወጣ።

ከዚያ መጠበቅ ነው። ጥንድ ይሄዳል፣ ሣጥኑ በዝግታ ይመለሳል፣ ጥንድ ይሄዳል። ድምፅ እየቀነሰ፣ ቦታው እየሰፋ መጣ። በመጨረሻ ሦስት ቀረን፤ ካረል፣ መክሊት፣ እኔ። መክሊት መሬት ላይ ቁጭ ብላ ጉልበቷን አቅፋ ትንፋሿን ትቆጥራለች። ካረል አጠገቧ በርከክ አለችና የሆነ ነገር ጠየቀቻት። መክሊት ወደ እኔ ዞረች።

"መብራቱን ሁሉ ላጥፋላችሁ ወይ ትላለች። እውነተኛ ጨለማ ሰው በሕይወቱ አያይም ትላለች። ኤሌቬተሩ ሲበላሽ ጊዜ ሳናይ የቀረነው እሱ ነው አለች።"

"አንቺ ካልፈለግሽ..."

"እፈልጋለሁ።"

እጇን ያዝኩ። ካረል አንድ በአንድ አጠፋች።

አንባቢዎቼ፣ ጨለማ አውቃለሁ ብላችሁ ከሆነ አታውቁትም። ያደግኩት መብራት በሌለበት አገር ነው፤ የገጠር ሌሊት ግን ኮከብ አለው፣ ፍም አለው፣ የውሻ ጩኸት አለው። ያ ጨለማ ምንም አልነበረውም። ዓይኔን ገለጥኩ፣ ጨፈንኩ፤ ልዩነት የለውም። ጸጥታው ከመክበዱ የተነሳ ደሜ በጆሮዬ ውስጥ ሲሄድ ሰማሁት። ብርሃን ይሁን ከመባሉ በፊት እንዲህ ነበር ማለት ነው አልኩ። ዮናስ በዓሣ ሆድ ውስጥ የጸለየው ገባኝ። ፈራሁ፤ ግን ሰው ቤተ መቅደስ ሲገባ እንደሚፈራው ያለ ፍርሃት ነው። ትንሽነቴን አወቅሁና ትንሽ መሆኔ ደስ አለኝ።

"እማማ" አለች መክሊት በሹክሹክታ። "እጄ ይታይሻል?"

"አይታየኝም።"

"እኔም አይታየኝም። ግድግዳውም አይታይም። ግድግዳ የለም። የዘጋብኝ ነገር የለም።"

ትንፋሿን ሰማሁት። ረዘም ብሎ ገባ፣ ረዘም ብሎ ወጣ። እንዲህ ስትተነፍስ ከሰማኋት ቆይቻለሁ።

ከዚያ ካረል አንዲት መብራት አበራች። ግድግዳው ሁሉ ባንድ ጊዜ ተንጸባረቀ፤ ጠዋት ጤዛ ያረፈበት ሣር ይመስል። እኛም ፈዘን ቆመን ሳለ መክሊት ጣቷን ወደ መደቡ ዘረጋች።

"እማማ... ያ ምንድን ነው?"

መደቡ ላይ የኔ የጠጉር ሽቦ አለ። የመክሊት ማዳመጫ አለ። ከማዳመጫው አጠገብ ደግሞ አንድ ጥቁር የመኪና ቁልፍ እያብለጨለጨ ተቀምጧል።

"የአቶ ሙሉጌታ!" አልን ባንድ አፍ።

ከዚያ የሆነውን ልገልጸው አልችልም። መክሊት ሳቀች። እኔም ሳቅሁ። ጨው ላይ ተቀመጥን፣ ተደግፈን ሳቅን፣ ሳቃችን በዚያ መንገድ ሁሉ እየሮጠ ሄዶ እየተመለሰ ከኛ ጋር ይስቃል። ካረል አበዱ ብላ ደነገጠች። መክሊት ስትነግራት እሷም ግድግዳውን ይዛ መሳቅ ጀመረች። ፊተኞች ኋለኞች ይሆናሉ የተባለውን በስብከት ስሰማ ኖሬአለሁ፤ በቁልፍ ሲፈጸም ያየሁት ግን ያን ቀን ነው።

ተራችን ሲደርስ፣ ካረል ከሁሉ በኋላ ልትወጣ ቀረችና መክሊት ቁልፉን ጨብጣ ገባች። ሣጥኑ ከመጀመሪያው ይጠብባል፤ ትከሻ ለትከሻ ነው የቆምነው። አሁንም ተንቀጥቅጣለች፤ አልዋሻችሁም። ዓይኗን ግን አልጨፈነችም።

ላይ ስንደርስ ፀሐዩ ዓይናችንን መታው። በሩ አፍ ላይ አቶ ሙሉጌታ ቆሟል፤ ክራባቱ ተፈትቷል፣ ኮቱ ትከሻው ላይ ነው። ከኋላው የማኅበሩ ሰው ሁሉ አፉን በእጁ ሸፍኗል። ጋሽ ደስታ "ጥንድ ጥንድ ሲወጣ ሁሉንም በፍተሻ ነው ያሳለፋቸው" አለ።

"እትዬ ስንዱ" አለኝ አቶ ሙሉጌታ። "ቁልፌን... አይተውልኛል?"

ምላሴ ላይ የመጣውን ብታውቁ! ስለ በሩ፣ ስለተገፋችው ሴት፣ ስለ ልጄ የተናገረው ሁሉ ተደርድሮ ነበር። መክሊትን አየኋት። ፕሮሚስ። መክሊት ቁልፉን በሁለት እጇ፣ እኛ ትልቅ ሰውን በምናከብርበት ደንብ፣ ሰጠችው።

ተቀበላትና ቆሞ ቀረ። "ቀጠሮዬ አለፈኝ" አለ ቀስ ብሎ። "እዚህ ቆሜ ግን ያቺን ባዶ ሣጥን ስትወርድ ባየኋት ቁጥር... ይቅርታ አድርጉልኝ። ለሷም፣ ለናንተም።" ከዚያ የተገፋችውን ሴት ፈልጎ ሄደ። ምን እንዳላት አልሰማሁም፤ ስትጨብጠው ግን አየሁ።

እንግዲህ እናንተ ይህን የምታነቡ፣ በተለይ እንደኔ "ፍትሕ! ፍትሕ!" ስትሉ የኖራችሁ፣ አንድ ነገር ልበላችሁ። እኔ ፍርድ ማለት ሌላው ሰው ከተራው እንዳያልፍ መያዝ ይመስለኝ ነበር። ለዚያም ብዙ እጅጌ ይዣለሁ፣ አልጸጸትበትም፣ ነገም እይዛለሁ። ግን ዕጣው በራስህ ልጅ ላይ ሲያርፍ ክብደቱን ታውቀዋለህ። ያኔ ሁለት መንገድ አለ፤ ምልክቶቹን ጠርገህ እንደገና ማለት፣ ወይም ወርደህ ከልጅህ ጎን መቆም። ሁለተኛውን ያስተማረችኝ ፊደሌን በቅጡ የማታነብ ልጅ ናት። አጥንት የደረሰውን ሰው "ተሸከም" ብቻ ብዬ መሄድ ከዚያ ቀን ወዲህ አልሆነልኝም። አሁን በፋሲካ አጥንቱ የበዛበትን አይቼ አንዱን ጫፍ እይዝለታለሁ።

መክሊት ዛሬ ኮሌጅ ፓርክ ትማራለች። ያ ጉድጓድ ከፍርሃቷ አዳናት ብዬ ብጽፍ ደስ ይለኝ ነበር፤ ግን እንዲያ አልሆነም። ያን ቀን አመሻሽ ላይ ሲልቨር ስፕሪንግ ስንደርስ፣ በሕንጻችን በር ገብተን ኤሌቬተሩ ፊት ቆምን። በሩ ተከፈተ። መክሊት ብዙ አየችው።

"ዛሬ በቃኝ" አለች። "አንቺ ግቢ። እኔ በደረጃ እመጣለሁ፣ በራችን ላይ እንገናኝ።"

በሩን አየሁት። ጉልበቴን አሰብኩ። ከዚያ ኤሌቬተሩ ባዶውን ይሂድ ብዬ ተውኩትና የደረጃውን መደገፊያ ያዝኩ። ፎቅ በደረስን ቁጥር እየተቀመጥኩ፣ እሷም እየተቀመጠች፣ ከጫማችን ላይ የጨው ብናኝ እየረገፈ ወጣን።

"እማማ፣ ደከመሽ አይደል? ሲሪየስሊ፣ ተመልሰሽ በኤሌቬተር ነይ።"

"ዕጣዬ ነው" አልኳት። "ውጪ።"